የእኛ ሳምንት፣ የፍራው ክናፕ ሳምንት

እሑድ፣ ኦክቶበር 4 ቀን 1964

ትናንት ደረጃውን ጠርጌ በእርጥብ ጨርቅ ወለወልኩና ሰሌዳውን በማዶዋ ጎረቤታችን በፍራው ክናፕ በር ላይ ሰቀልኩ። “የጠረጋ ሳምንት” ይላል ሰሌዳው። በእኛ ፎቅ ሁለት በር ብቻ ስላለ አንድ ሳምንት እኛ እንጠርጋለን፣ አንድ ሳምንት እሳቸው። እናቴ “ሰቅለሽ ዝም ብለሽ ተመለሽ፤ ደወል ደውሎ ሰው መረበሽ ነውር ነው” ትለኛለች። እኔ ግን ሁልጊዜ ትንሽ ቆም እላለሁ። ምናልባት በሩ ቢከፈት ብዬ ነው።

ትናንት ተከፈተ። ፍራው ክናፕ ሰሌዳውን አዩት፣ ደረጃውን አዩት፣ ከዚያ እኔን አዩኝ።

“እንደ መስታወት አድርገሽዋል። ሮስቪታ፣ እነዚያ ሰዎች ደግሞ ሊመጡ ነው።”

“የትኞቹ?”

“ካሜራ የያዙት።”

ሦስተኛ ፊልም! በዚህ ከተማ ሦስት ጊዜ ፊልም የተሠራለት ሌላ ሰው አላውቅም። “እንኳን ደስ አለዎት” ማለት ነበረብኝ። “እሺ” አልኩ። እሺ ብቻ! ቤት ገብቼ ፊቴን በትራስ ሸፈንኩ።

እራት ላይ ስናገር እናቴ ማንኪያዋን አስቀመጠች። አያቴ አፉን ጠረገና ምድር ቤት ወርዶ ድንቹን ሊያይ እንደሆነ ነገረን። አንዱ ከበሰበሰ ሁሉንም ያበላሻል ይላል።

ሐሙስ፣ ኦክቶበር 8

ፋብሪካ። አንድ ሹራብ ላይ ሁለት ግራ እጅጌ ሰፋሁ። ሴቶቹ ሳቁብኝ። “ሮስቪታ ሁለት ግራ እጅ ያለው እጮኛ አግኝታለች!” መልስ የመጣልኝ ትራም ውስጥ ነው። ሁልጊዜ ትራም ውስጥ ነው የሚመጣልኝ።

እሑድ፣ ኦክቶበር 11

እንቅልፍ እምቢ አለኝ፤ ስለ ፊልሞቹ ልጻፍ።

የመጀመሪያውን ሳይ ሰባት ዓመቴ ነበር። አባቴ ሞቶ፣ እኔና እናቴ ከገጠር አያቴ ቤት የገባንበት ዓመት ነው። ቴሌቪዥን አልነበረንም። የሬዲዮ ሱቁ መስኮት ፊት ሰው ተሰብስቦ እናቴ ብብቴን ይዛ አነሳችኝ። ፍራው ክናፕ የጦርነት ፍርስራሽ ላይ ቆመዋል። ነፋሱ ባርኔጣቸውን ሊወስደው ይታገላል። በአንድ እጃቸው ባርኔጣውን ይዘው በሌላው ባዶውን መሬት እያሳዩ “እዚህ ትምህርት ቤት ይቆማል” አሉ። ያኔ ድንጋይና አረም ብቻ ነበር። እኔ ትምህርቴን የጨረስኩት እዚያ ትምህርት ቤት ነው። ጎበዝ ተማሪ አልነበርኩም፤ ግን ጣሪያውን ባየሁ ቁጥር ባርኔጣቸው ትዝ ይለኝ ነበር።

የፊልሙ ጠያቂ የሰፈሩን ሴቶች ድንጋይ ለማንሳት እንዴት አድርገው እንዳስወጧቸው ጠየቃቸው።

“ሾርባ አለ ብዬ ዋሸኋቸው” አሉ። “እነሱም ዋሽታለች ብለው ስለጠረጠሩ እያንዳንዷ አንድ አንድ ካሮት ይዛ መጣች። ሾርባው በዚያ ተሠራ።”

ሁለተኛው ፊልም የወጣው ከሦስት ዓመት በፊት ነው፤ ያኔ አያቴ ቴሌቪዥን ገዝቶ ነበር። (ድምፁን ሁልጊዜ ዝቅ አድርጎ ነው የሚሰማው። ከታች ያለችው ፍራው ሽቬግለር ትንሽ ከፍ ካለ በመጥረጊያ እንጨት ጣሪያዋን ትደበድባለች።) ፍራው ክናፕ በከተማው ምክር ቤት አዳራሽ ተቀምጠዋል፤ ጀርባቸው ቀጥ ብሎ፣ እጃቸው ቦርሳቸው ላይ። ጠያቂው በጦርነቱ ጊዜ ለምን እንደታሰሩ ጠየቃቸው።

“የተከለከለውን የጠላት ሬዲዮ እሰማ ነበር። ብርድ ልብስ ተከናንቤ። ሰው ሰማኝ።”

“ማን እንደጠቆመብዎት ያውቃሉ?”

“አውቃለሁ።”

“ስሙን ይነግሩናል?”

“አልነግርዎትም። እሱ የእኔ ጉዳይ ነው።”

ሰውየው ወረቀቱን አገላበጠ። እኔ ሰው ሲያፈጥብኝ አንገቴ ሁሉ ይቀላል፤ እሳቸው አገር ሙሉ እያያቸው አንድ ጊዜ እንኳ ዓይናቸውን አልሰበሩም።

ከዚያ ሁሉም የሚወደውን ታሪክ ተናገሩ። “ከአሥራ አራት ወር እስር በኋላ በእግሬ ቤቴ ገባሁ። ቅዳሜ ነበር። በማግስቱ በሬን ስከፍት የጠረጋ ሰሌዳው ተሰቅሏል። ለካ ተራው የእኔ ነው!” “እና ምን አደረጉ?” “ምን አደርጋለሁ፣ ጠረግኋ!”

በሚቀጥለው ቀን ከተማው ሁሉ ይህንን እያወራ ይስቅ ነበር፤ ትራም ውስጥ፣ ዳቦ ቤት።

አያቴ ያንን ፊልም አላየውም። ድንች ሊያይ ወርዶ ነበር። ሲደገምም ወረደ።

አልጋዬ ከፍራው ክናፕ ቤት በሚለየን ግድግዳ ጥግ ነው። ሰዓታቸው ሲቆጥር እሰማለሁ። ሬዲዮ ሲከፍቱ ዘፈን ይሁን ዜና ለይቼ አውቃለሁ። እኔ ወደዚህ ክፍል ከመምጣቴ በፊት የአያቴ መኝታ ነበር።

ግድግዳው ቀጭን ነው። ይህንን ለምን እንደጻፍኩ አላውቅም።

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 17

የእኛ ሳምንት። ስጠርግ ፍራው ሽቬግለር ከታች ወጥታ ቆመችብኝ። (ፊት ለፊት “እርስዎ” እላታለሁ። በደብተሬ ግን አልልም።)

“ጥጉን ሮስቪታ፣ ጥጉን! ጥግ ነው የሰው ቤት የሚያሳማው። ጎረቤትሽ ደግሞ በቴሌቪዥን ሊወጡ ነው አሉ?”

“አዎ።”

“ስንት ጊዜ ይነገራል ይሄ ነገር! ሰው እንዲረሳ አይፈልጉም እኮ። አያትሽ እንዴት ነው፣ ይተኛል?”

በደንብ ይተኛል አልኳት። ውሸት ነው። ሌሊት ወጥ ቤት ውስጥ ሲንጎራደድ እሰማዋለሁ። እርጅና ነው መሰለኝ።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 21

የቴሌቪዥኑ ሰው መጣ። ሄር ቮስ ይባላል፤ ከሃምቡርግ ነው፤ ንግግሩ እንደ ሬዲዮ ነው። እኔ ለፍራው ክናፕ የድንጋይ ከሰል ከምድር ቤት አውጥቼ ምድጃው አጠገብ እያፈሰስኩ ነበርና “ተቀመጪ፣ ኬክ ብዪ” አሉኝ። የፕለም ኬክ ነበር።

ሄር ቮስ የጠረጋውን ሰሌዳ በር ላይ አይቶት ኖሮ፣

“ይሄ ነው እንዴ ያ ታዋቂው ሰሌዳ?” አለ።

“በሃምቡርግ ደረጃ ማን ነው የሚጠርገው?” አሉ ፍራው ክናፕ።

“የሚጠርግ ሰው ይቀጠራል።”

“ምስኪኖች! ታዲያ ጎረቤታችሁን በምን ታውቁታላችሁ?”

ሳቀ። ከዚያ መሳቁን ትቶ፣ “ያኔም እንዲሁ ነበር? በዚህ ፎቅ ሁለት በር ብቻ?”

“ሁለት በር።”

“ስለዚህ ሰሌዳውን የሰቀለው—”

“ክሬም ይጨምሩ፣ ሄር ቮስ። ኬኩ ደርቋል።”

ኬኩ አልደረቀም ነበር። ሄር ቮስ ግድግዳውን አየ፣ ከዚያ እኔን። የት እንደምኖር ጠየቀኝ። እዚያ ማዶ አልኩት። ከማን ጋር? ከእናቴና ከአያቴ ጋር። አያትሽ እዚህ ብዙ ኖሯል? አያቴ እዚህ ቤት ነው ያገባው አልኩት።

ስወጣ ደረጃው ላይ ተከተለኝ። በፊልሙ ውስጥ ከፍራው ክናፕ ጎን እንድቀመጥና አንድ ጥያቄ እንድጠይቃቸው ይፈልጋል። ተመልካች ወጣት ሲጠይቅ ይወዳል አለ።

“ምን ብዬ?”

“‘የጠቆመብዎት ማን ነው?’ በቃ፣ አንድ ዓረፍተ ነገር። እኔን እምቢ ይሉኛል። አንቺን ግን የሚዋሹሽ አይመስለኝም።”

በጣም ጨዋ ሰው ነው። የከሰል ባልዲዬን ሊሸከምልኝ ነበር፤ ባዶ ነበር እንጂ።

ከፍራው ክናፕ ጎን! በቴሌቪዥን!

እሑድ፣ ኦክቶበር 25

እናቴ ምስር ሠርታ ሽፔትስለ ለሚባለው ፓስታ ሊጡን እየፋቀች ወደ ፈላው ውሃ ትጨምራለች። የሄር ቮስን ጥያቄ ለእሷ ነግሬያት ነበርና እንዲህ ተባለ፦

“እምቢ በያቸው።”

“ለምን?”

“ሰው ፊት ስምሽን መናገር የማትችይ ልጅ!”

“እለማመዳለሁ።”

“ሌላ ጥያቄ የለም እንዴ? ስለ ትምህርት ቤቱ ጠይቂ። ስለ ሾርባው ጠይቂ።” ከዚያ ዘወር ብላ፣ “አባዬ፣ አንድ ነገር በል እንጂ!”

“ምን ልበል?” አለ አያቴ።

“እንደሱ ነው እንግዲህ። ሃያ ዓመት ሙሉ ምን ልበል።”

ሽፔትስለው ተጣብቆ ቀረ። እናቴ እንዲህ ስትሆን አይቼ አላውቅም። እንደማልችል ታውቃለች፤ ለእኔ አስባ ነው።

ቅዳሜ፣ ኦክቶበር 31

የእኛ ሳምንት። ስጠርግ አያቴ በራችን ላይ ቆሞ ያየኝ ነበር። በእኛ ቤት ወንድ መጥረጊያ አይነካም፤ እሱም ነክቶ አያውቅም። የሚጠርጉት ሴት አያቴ፣ እሷ ከሞተች በኋላ እናቴ፣ ከእናቴ በኋላ እኔ።

“ምን ብለሽ ነው የምትጠይቂያቸው?” አለኝ።

ነገርኩት። የትራም ትኬት ቆራጭ ሳለ እንደሚያደርገው እጁን ኮቱ ኪስ ውስጥ ከትቶ፣ ትራሙ እስኪቆም እንደሚጠብቅ ሰው ቆመ።

“ደህና ጥያቄ ነው” አለ።

ድንቹ ጋ አልወረደም። መኝታው ገባ። በሩን ሲዘጋ ምንም ድምፅ አልተሰማም።

ሰሌዳውን ሰቀልኩ። ዛሬ ቆም አላልኩም። ሮጬ ገባሁ።

እሑድ፣ ኖቬምበር 8

አልጋዬን ወደ መስኮቱ በኩል አዞርኩት። እናቴ ምክንያቱን ጠየቀችኝ፤ ብርሃን ፈልጌ ነው አልኳት። መስኮቱ የሚያየው የጎረቤት ሕንፃ ግድግዳ ነው።

አሁን የፍራው ክናፕን ሰዓት አልሰማም። ያለሱ መተኛት አቃተኝ።

ስለ አያቴ ክፉ አላስብም። ትንሽ ሳለሁ ትራም መንዳት በወጥ ቤት ወንበር ያስተማረኝ እሱ ነው። አንድ ቀን የሽንት ቤት ወረቀት ቀዶ ትኬት ሰጥቶኛል። እንደዚህ ያለ ሰው…

ምንም አላልኩም። ምንም አልጻፍኩም።

ሐሙስ፣ ኖቬምበር 12

ለፍራው ክናፕ እንደማልችል ልነግራቸው ሄድኩ። ባርኔጣ እየመረጡ ነበር። አልጋው ላይ ሦስት ባርኔጣ ተደርድሯል፤ ያ የመጀመሪያው ፊልም ባርኔጣም አለ! እንድነካው ፈቀዱልኝ። ጠርዙ ላይ ጣታቸው የያዘበት ቦታ ሳስቷል።

“የትኛው ይሻላል?”

“ይሄ።”

“ይሄኛው አርጅቷል። እኔም አርጅቻለሁ፤ እንግዲህ አብረን እንቀመጣለን።” አደረጉት። ከዚያ በመስታወት ውስጥ እያዩኝ፣ “የምትጠይቂኝን ነገሩሽ?”

“ነገሩኝ።”

“ምን አሰብሽ?”

“እኔ… ፍራው ክናፕ፣ እርስዎ ሰውየውን አይፈሩትም? የጠቆመብዎትን?”

“እሱ ነው እኔን የሚፈራኝ። ሃያ ዓመት ሙሉ ደህና አደሩ እለዋለሁ፤ እሱም ደህና አደሩ ይለኛል፤ ኮፍያውን አንስቶ።” ባርኔጣውን አወለቁ። “የሚገርምሽ ምንድነው፣ ያንን ጥያቄ የሚጠይቀኝ ሁልጊዜ የሩቅ ሰው ነው። ከሃምቡርግ ድረስ ይመጣል። እዚህ ደረጃ ላይ ግን አንድም ሰው ጠይቆኝ አያውቅም።”

ማን እንደሆነ አልጠየቅኋቸውም፤ እንደማልችልም ሳልነግራቸው ወጣሁ።

አያቴ ደረጃ ላይ ኮፍያውን ያነሳል። ግን ይህን የማያደርግ ማን አለ? ሁሉም ያነሳል።

ረቡዕ፣ ኖቬምበር 18

የንስሐና የጸሎት ቀን። ቤተ ክርስቲያን ሄድን። ሰው ሁሉ ወደ ቅዱስ ቁርባኑ ሲነሳ አያቴ አልተነሳም። እናቴ እጄን ይዛ ጎተተችኝ። ስመለስ የመዝሙር መጽሐፉን ገልብጦ ይዞ ነበር።

ቅዳሜ፣ ኖቬምበር 28

ሁሉንም በቅደም ተከተል ልጻፈው፤ አለዚያ አላምነውም።

ሰዎቹ ጠዋት መጡ። ሽቦ በደረጃው ላይ እንደ እባብ ተዘረጋ። ፍራው ሽቬግለር፣ “የእኛን ወለል ማን ነው የሚያጸዳው? ቴሌቪዥን ነው?” እያለች ከታች እስከ ላይ ተከተለቻቸው። ሄር ቮስ መጀመሪያ የፈለገው ፍራው ክናፕ ደረጃውን ሲጠርጉ መቅረጽ ነበር።

“አይሆንም” አሉ።

“ለአንድ ደቂቃ ብቻ፣ ፍራው ክናፕ።”

“ሳምንቱ የእኔ አይደለም። የእነሮስቪታ ነው።”

“ማን ያውቃል?”

“ማን ያውቃል!” ብላ ጮኸች ፍራው ሽቬግለር። “አገር ሁሉ ያውቃላ! በሰው ሳምንት ጠረጉ ቢባል የዚያ ቤት ሰው ምን ፊት ይኖረዋል?” እሷና ፍራው ክናፕ ሲስማሙ የሰማሁት ዛሬ ብቻ ነው። ሄር ቮስ ተወው።

ሳሎናቸው ውስጥ መብራቱ እንደ ምድጃ ይጋረፋል። ፍራው ክናፕ ግድግዳውን ተደግፎ ከቆመው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ እኔ አጠገባቸው። አሮጌውን ባርኔጣ አድርገዋል። ማዶ፣ ከግድግዳው በስተጀርባ፣ አያቴ ክፍሌ ውስጥ እንዳለ አውቃለሁ። ወንበር ሲስብ ሰምቻለሁ። ጠዋት እናቴ “ድንቹን እይ እንጂ አባዬ” ብላው ነበር፤ እሱ ግን ድንቹ ደህና ነው አላት።

ስለ ትምህርት ቤቱ ተናገሩ፣ ስለ ሾርባው፣ ስለ እስሩ። እንደ እሳቸው የሚናገር ሰው የለም። አንድ አንድ ካሮት ይዘው ስለመጡት ሴቶች ሲያወሩ ካሜራ የያዘው ሰው እንኳ ትከሻው በሳቅ ተነቃነቀ። የሰሌዳውንም ታሪክ ተናገሩ። “ጠረግኋ!” አሉ።

ሄር ቮስ በጣቱ ጠቆመኝ። የእኔ ተራ።

ጥያቄው ምላሴ ላይ ነበር፤ ሳምንታት ሙሉ ትራም ውስጥ ተለማምጄዋለሁ። ፍራው ክናፕ ወደ እኔ ዞሩ። ፊታቸው ላይ ቁጣ የለም። የምለውን ሁሉ ሊቀበሉ የተዘጋጁ ይመስሉ ነበር። መልሱን እንደማውቅ ያኔ አወቅኩ። ካወቅኩ ቆይቻለሁ።

“ፍራው ክናፕ” አልኩ። ድምፄ የሌላ ሰው መሰለኝ። “ሰሌዳው ሲሰቀል… ሰውየው ደወል ደውሎ ነበር?”

ሄር ቮስ ቀና አለ። እንደዚያ አልነበረም የተባባልነው።

ፍራው ክናፕ ዝም አሉ። በሁለቱ ፊልም አንድም ጊዜ እንደዚያ ዝም ሲሉ አላየኋቸውም። የሰዓታቸው ድምፅ ብቻ ይሰማ ነበር።

“አልደወለም” አሉ በመጨረሻ። “ይህን ማንም ጠይቆኝ አያውቅም። በማግስቱ አገኘሁት ብዬ ነው የማወራው፤ ለሳቅ እንዲመች ነው። እውነቱ ግን ያን ቅዳሜ ማታ ከበሩ ጀርባ ቆሜ ነበር። ከመንገድ ገብቼ ገና ካፖርቴን አላወለቅኩም። ሲመጣ ሰማሁት። ሰሌዳውን መንጠቆው ላይ ሲያደርግ እንጨቱ ሁለት ሦስት ጊዜ በሩን መታው። ከዚያ ቆመ። ብዙ ቆመ። ትንፋሹን እሰማ ነበር፤ እሱም የእኔን ሳይሰማ አይቀርም። በዚህ ቤት ሁሉም ነገር ይሰማል። ቢደውል እከፍትለት ነበር። ምን እንደምለው አላውቅም፤ ግን እከፍትለት ነበር። አልደወለም። ሄደ።”

“እና እርስዎ?”

“በነጋታው ጠረግኋ።”

ማንም አልሳቀም። ሄር ቮስ ለካሜራው ሰው በእጁ ምልክት ሰጠ። መብራቱ ጠፋ። ግድግዳው ማዶ ምንም አይሰማም ነበር።

ሰዎቹ ሲሄዱ ደረጃው ጭቃና የሲጋራ ቁራጭ ብቻ ሆኗል። መጥረጊያውን ልወስድ ወደ ቤት ገባሁ። መንጠቆው ላይ የለም። አያቴ ይዞት ወጥቷል።

የሚጠርገው ከታች ወደ ላይ ነው! እንደዚያ አይጠረግም፤ ቆሻሻው ተመልሶ ይወርዳል። እናቴ ልትነግረው አፏን ከፈተች፤ ከዚያ እጇን አፏ ላይ አደረገች። እንደገና ከላይ ጀመረ። በጉልበቱ ተንበርክኮ ወለወለ። ፍራው ሽቬግለር ከታች ብቅ ብላ አየችውና ስለ ጥጉ ሳታነሳ ተመልሳ ገባች።

ከዚያ ሰሌዳውን ከእኛ በር አወረደ። ኮቱን ለበሰ፤ ቁልፎቹን ሁሉ ቆለፈ። ማዶ ሄዶ ሰቀለው። እንጨቱ በሩን መታው፣ አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ።

ቆመ።

እናቴና እኔ ከበራችን ጀርባ ነበርን። እጄን በጣም ጨብጣኝ ነበር።

ደወለ።

በሩ ተከፈተ። አያቴ ኮፍያውን አነሳ፤ ግን ዛሬ መልሶ አላደረገውም። የተናገረውን አልሰማሁም። በዚህ ቤት ሁሉም ነገር ይሰማል፤ እኔ ግን ያንን እንዳልሰማ ወጥ ቤት ገብቼ ቧንቧውን ከፈትኩት።

ብዙ ቆይቶ ውሃውን ስዘጋ የፍራው ክናፕ ድምፅ መጣ። “ያችኛዋ ጥግ ቀርታለች፣ ሄር ሾይፌለ።”

አያቴም፣ “አይቻታለሁ፣ ፍራው ክናፕ” አለ። እያለቀሰ ነበር።

አልጋዬን ወደ ግድግዳው መለስኩት።

እሑድ፣ ጃንዋሪ 17 ቀን 1965

ፊልሙ ዛሬ ታየ። ፍራው ክናፕ ቴሌቪዥን የላቸውም። ስለ ራሳቸው የተሠራውን አንዱንም አላዩም፤ “መልኬን አውቀዋለሁ” ይላሉ። ዛሬ ግን አያቴ ሄዶ የበራቸውን ደወል ደወለ። መጡ። የእኛ ሶፋ ላይ ጀርባቸው ቀጥ ብሎ፣ እጃቸው ቦርሳቸው ላይ፣ ልክ እንደ ፊልሙ ተቀመጡ። ባርኔጣቸውን ሲያዩ፣ “በእውነት አርጅቷል እኮ” አሉ።

እኔ አንገቴ እንደ ቀላ በጥቁርና ነጭም ይታወቃል። ግን ድምፄ ይሰማል። ሄር ቮስ ዝምታቸውን አልቆረጠውም፤ የሰዓቱ ድምፅ ሁሉ አለ።

“አልደወለም” አሉ በቴሌቪዥኑ ውስጥ።

አያቴ ከወንበሩ ተነሳ። ድንቹ ጋ ሊወርድ ነው ብዬ ልቤ ወደቀ። እናቴም እንደዚያ መስሏት ዓይኗን ጨፈነች።

ወደ ቴሌቪዥኑ ሄዶ ድምፁን ከፍ አደረገው። ደግሞ ጨመረበት። የፍራው ክናፕ ድምፅ ቤቱን ሞላው፤ በግድግዳው አልፎ፣ በወለሉ ወርዶ ደረጃውን ሁሉ ሳያዳርስ አልቀረም። ከታች ፍራው ሽቬግለር በመጥረጊያ እንጨት ጣሪያዋን መደብደብ ጀመረች።

አያቴ አልቀነሰውም።